በርበሬ በጅማና በቡናው አገር፤ ያልበደለውን የተከሰሰ፣ ያልሠራውን የተመሰገነ

በርበሬ ወደ ኢትዮጵያ ማዕድ ዘግይቶ የደረሰ እንግዳ ሲሆን፣ ፈጥኖ የቤቱ ባለቤት ሆኖ የቀረ ነው። ዛሬ ያለ እርሱ ቀይ ወጥ የማይታሰብ፣ ድግስም የማይደገስ ቢሆንም፣ የተክሉ መሠረት አሜሪካ መሆኑ በዕፀዋት ሊቃውንት ዘንድ ማከራከሩ ከቀረ ብዙ ጊዜ ሆኖታል። ክሪስቶፎር ኮሎምበስ በ1492 ውቅያኖሱን ከመሻገሩ በፊት (በዚህ ጽሑፍ የሚጠቀሱት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው) በአፍሪካም ሆነ በእስያ ይህን ፍሬ የቀመሰ አልነበረም። ከዚያ በኋላ ግን ፖርቱጋላውያን መርከበኞች ከአንድ መቶ ዓመት ባልበለጠ ጊዜ ውስጥ የአፍሪካን ጠረፍና ሕንድን አዳረሱበት። ወደ ኢትዮጵያም በዚሁ የባሕር ንግድ መስመር እንደ ገባ ይታመናል።

እንግዲህ ሕዝቡ ከበርበሬ ጋር ያለው ትውውቅ ከአምስት መቶ ዓመት አይበልጥም ማለት ነው። በዚህ ዘመን ውስጥ በርበሬ ሁለት የተቃረኑ ስሞች አትርፏል። በአንድ ወገን ጨጓራ የሚልጥ፣ አንጀት የሚያቆስል ጠላት ተብሎ ይከሰሳል። በሌላው ወገን ደግሞ ጥሬ ሥጋ ውስጥ ያለውን ትል የሚገድል መድኃኒት ነው ተብሎ ይመሰገናል። የሁለቱን እውነትነት መመርመር ለጤና ባለሙያ የዕውቀት ጉጉት ብቻ አይደለም፤ ክሱም ሆነ ምስጋናው በሽተኛው የሚወስደውን ርምጃ የሚወስኑ ናቸውና። ለዚህ ምርመራ ደግሞ ጅማና በዙሪያዋ ያሉት የቡና ከተሞች፣ አጋሮ፣ ሊሙ ገነት፣ የቡ፣ ሰቃና መሰሎቻቸው፣ የተመቹ ሥፍራዎች ናቸው። የቅመም ጫካው፣ ጥንታዊው ገበያ፣ እርጥቡ የአየር ጠባይና የጤና ሳይንስ ትምህርት ቤቱ በአንድ አገር የተገናኙት በዚያ ነውና።

ከበርበሬ በፊት የነበረው ቅመም

በርበሬ ከመምጣቱ በፊት ኢትዮጵያውያን ምላስ የሚያቃጥል ቅመም አያውቁም ነበር ማለት አይደለም። ቁንዶ በርበሬ ከሕንድ ተጭኖ በቀይ ባሕር ወደቦች በኩል ይገባ ነበር። የደቡብ ምዕራቡ ደን በበኩሉ የራሱን ጥምዝና ኮረሪማ ያበቅላል። በተለይ ኮረሪማ የትውልድ አገሩ እዚያው በመሆኑ፣ ሳይንሳዊ መጠሪያው እንኳ ይህንኑ ኢትዮጵያዊ ስሙን እንደ ያዘ ይገኛል። በአማርኛ ቋንቋ ውስጥ የቀረው ምልክት ደግሞ የሚያስገርም ነው፤ ነባሩ ቅመም «ቁንዶ» የሚል ቅጽል ተጨምሮለት ሲጠራ፣ መጤው ፍሬ ያለ ምንም ቅጽል «በርበሬ» ተብሎ ቀርቷል። እንግዳው የነባሩን ስም ጭምር እንደ ወረሰ ከዚህ መረዳት ይቻላል።

በአሥራ ዘጠነኛው ምዕተ ዓመት ጅማ በአባ ጅፋር ሥርወ መንግሥት ሥር በነበረች ጊዜ፣ ከጅሬን ቤተ መንግሥት ግርጌ ይቆም የነበረው የሂርማታ ገበያ የደቡብ ምዕራቡ ንግድ ዋና ማዕከል ሆኖ ነበር። በተለይ ከ1878 እስከ 1932 በነገሡት በዳግማዊ አባ ጅፋር ዘመን ቡናው፣ ኮረሪማው፣ ማሩ፣ ዝባዱና አሞሌው የሚገናኙት በዚህ ገበያ ነበር። ከሩቅ የሚመጣው ነጋዴና የአገሩ ገበሬ በአንድ ሜዳ ሲገናኙ ሸቀጡ ብቻ ሳይሆን የምግብ አሠራሩም አብሮ ተለዋወጠ። ዛሬ በጅማ አካባቢ ቆጭቆጫ፣ በደቡብም ዳጣ የሚባሉት ማባያዎች ቃሪያን ወይም ሚጥሚጣን ከነጭ ሽንኩርት፣ ከዝንጅብልና ከአገር ቤት ቅመም ጋር ያዋሐዱ ናቸው። ከጅማ በስተደቡብ ምዕራብ በቤንችና በሸካ ደግሞ የቡና ቅጠል ከሚጥሚጣ፣ ከነጭ ሽንኩርትና ከዝንጅብል ጋር እየተፈላ ጨሞ በሚል ስም ይጠጣል። በዚህ መጠጥ ውስጥ ቡናውና በርበሬው በአንድ ጣባ ተገናኝተዋል።

የማቃጠሉ ምሥጢር

የበርበሬን ኃይል የሳይንስ ሰዎች ደረጃ በደረጃ ነው የደረሱበት። በ1816 ጀርመናዊው ቡኾልትዝ የሚያቃጥለውን ንጥረ ነገር ከፍሬው ለይቶ ለማውጣት ሞከረ፤ በ1876 እንግሊዛዊው ትሬሽ አጥርቶ ለይቶ «ካፕሳይሲን» የሚል ስም ሰጠው። በ1912 አሜሪካዊው የመድኃኒት ቀማሚ ዊልበር ስኮቪል የማቃጠሉን መጠን የሚለካበትን መንገድ ዘረጋ፤ መለኪያው እስከ ዛሬ በስሙ ይጠራል። ይሁን እንጂ ካፕሳይሲን በሰው ገላ ላይ ምን እንደሚሠራ በትክክል የታወቀው በ1997 ነው። በዚያ ዓመት ዴቪድ ጁሊየስና የሥራ ባልደረቦቹ የነርቭ ሕዋስ ላይ ያለውንና ካፕሳይሲንን የሚቀበለውን በር ለይተው አወጡ። ጁሊየስ በ2021 የኖቤል ሽልማት ካገኙት አንዱ የሆነው በዚህ ሥራ ነው።

ያ በር ከ43 ዲግሪ ሴንቲግሬድ በላይ የሆነ ሙቀት ሲደርስበት የሚከፈት የትኩሳት ጠቋሚ ነው። ካፕሳይሲን ይህንኑ በር ያለ እሳት ይከፍተዋል። ስለዚህ በርበሬ የበላ ሰው «ተቃጠልኩ» ሲል ነርቩ የሚነግረውን መናገሩ ነው፤ ሥጋው ግን አልተቃጠለም። ስሜቱ እውነተኛ ነው፤ ቁስሉ ግን የለም። ቀጥሎ የሚመጣውን ክስ ለመመርመር ይህን ልዩነት መያዝ ያስፈልጋል።

ክሱ

በርበሬ የጨጓራ ቁስል ያመጣል የሚለው ክስ ከአገር ውስጥ ብቻ የመነጨ አይደለም። በ1915 በቺካጎ ይሠራ የነበረው ሐኪም በርትራም ሲፒ የጨጓራ ቁስል ያለበት ሰው በየሰዓቱ ወተትና ክሬም እየጠጣ አሲድ የሚያበርድ መድኃኒት እንዲወስድ ያዘዘበትን ሕክምና አሳተመ። ከዚያ በኋላ ለብዙ አሥርተ ዓመታት ቅመም የሌለበት ለስላሳ ምግብ በዓለም ዙሪያ የቁስሉ ዋና ሕክምና ሆኖ ኖረ። ዘመናዊ ሕክምና በኢትዮጵያ ሲስፋፋ፣ በጅማም በኢጣሊያ ወረራ ዘመን ሆስፒታል ሲቋቋም፣ ትምህርቱ ከመጻሕፍቱ ጋር የገባው በዚህ መልክ ነበር። የአገሩ ሰው ደግሞ በርበሬ ሲበላ ሆዱን የሚያቃጥለው መሆኑን በራሱ ያውቃልና፣ የሐኪሙ ቃልና የበሽተኛው ስሜት ተጋጠሙ። «በርበሬ ተው» የሚለው ምክር ከዚያ ወዲህ በመድኃኒት ወረቀት ላይ የማይጻፍ፣ ግን ከመድኃኒቱ ጋር የማይለይ ትእዛዝ ሆነ።

በ1983 አንድ ለውጥ ታየ። በአውስትራሊያ የፐርዝ ከተማ ሐኪሞች የነበሩት ሮቢን ዋረንና ባሪ ማርሻል ጨጓራቸው ከታመመ ሰዎች ያገኙትን ጠምዛዛ ባክቴሪያ በላንሴት የሕክምና መጽሔት አስታወቁ። በሚቀጥለው ዓመት ማርሻል የባክቴሪያውን ዝርያ ራሱ ጠጥቶ ታመመ። በ2005 ሁለቱም የኖቤል ሽልማት ተቀበሉ። የጅማ የጤና ሳይንስ ኢንስቲትዩት የተቋቋመውም በዚያው በ1983 ነው። ተማሪዎቹን ወደ ኅብረተሰቡ እያወጣ ለማስተማር የተነሣው ይህ ተቋም በ1999 ከጅማ እርሻ ኮሌጅ ጋር ተዋሕዶ ዩኒቨርሲቲ ሆነ። ከዚያው ዘመን ጀምሮ የሠለጠነው የጤና ባለሙያ ትውልድ እንግዲህ ከሄሊኮባክተር ፓይሎሪ ዕውቀት ጋር እኩያ ነው ማለት ይቻላል።

ባክቴሪያው ለኢትዮጵያ እንግዳ አይደለም። ከ1990 እስከ 2017 በአገሪቱ የተደረጉትን ጥናቶች ያጠቃለለ አንድ ምርመራ ከተመረመሩት ሰዎች 52 በመቶ ያህሉ በዚህ ተሕዋስ የተያዙ መሆናቸውን አሳይቷል። ከእርሱ ቀጥሎ የቁስሉ ዋነኛ ምክንያት እንደ አስፒሪን፣ እንደ ኢቡፕሮፌንና እንደ ዳይክሎፌናክ ያሉት የሕመም ማስታገሻዎች ናቸው። በርበሬ ከሁለቱ አንዱን አይተካም።

በርበሬው ራሱም በቀጥታ ተመርምሯል። በ1988 በአሜሪካ ሂዩስተን 12 ጤነኞች አንድ ጊዜ ለስላሳ ምግብ፣ አንድ ጊዜ ከአስፒሪን ጋር፣ አንድ ጊዜም የሚያቃጥል ምግብ በልተው ጨጓራቸው በመሣሪያ ታየ። ያቆሰለው አስፒሪኑ ሆኖ ተገኘ፤ ቅመሙ ግን የሚታይ ጉዳት አላደረሰም። በ1995 በሲንጋፖር የተደረገ የ18 ሰዎች ሙከራ እንዲያውም በርበሬ አስቀድመው የወሰዱት በአስፒሪኑ የደረሰባቸው ጉዳት ያነሰ መሆኑን አመለከተ።

ታዲያ በሽተኛው «በርበሬ ስበላ ያመኛል» ሲል ይዋሻልን? አይዋሽም። የቆሰለ ወይም የተቆጣ ጨጓራ ነርቭ በካፕሳይሲን ሲነካ ይነሣል፤ በርበሬውን ሲተው ደግሞ ያርፋል። ችግሩ ያለው ከዚህ ቀጥሎ በሚሰጠው ፍርድ ላይ ነው። ሕመሙ ስለ ቀለለ በሽታው የተሻለ ይመስላል፤ ባክቴሪያው ግን እንደ ተቀመጠ ነው። እንዲህ ያለው ሰው ለዓመታት ከቤተሰቡ ወጥ ተለይቶ አልጫ እየበላ፣ አንድ ቀን ጥቁር ሰገራ ሲያይ ወይም ደም ሲያስመልሰው ወደ ሆስፒታል ይመጣል። በሁለት ሳምንት መድኃኒት ሊነቀል ይችል የነበረ በሽታ ያለ በደሉ በተከሰሰ ቅመም ጀርባ ተደብቆ ኖረ ማለት ነው። የክሱ ጉዳት ይኸው ነው።

ምስጋናው

በምስጋናውም በኩል ያለው ስሕተት ከዚህ አያንስም። ጥሬ ሥጋ ከሚጥሚጣና ከአዋዜ ጋር የሚቀርብባቸው ቦታዎች ሁሉ፣ ማቃጠሉ ትሉን ይገድላል የሚል እምነት አለ። ነገር ግን የከብት ኮሶ ትል ዕጭ በሥጋው ውስጥ በከረጢት ተሸፍኖ የተቀበረ ነው። ይህን ዕጭ የሚገድለው ሥጋው እስከ ውስጡ 60 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ያህል ሲሞቅ ወይም ከዜሮ በታች በ10 ዲግሪ ቅዝቃዜ ለ10 ቀን ሲቆይ ነው። በጉርሻው ላይ የተነሰነሰ ሚጥሚጣ ከከረጢቱ አይደርስም። ሚጥሚጣው ለምላስ እሳት ነው፤ ለዕጩ ግን እሳት አይሆንም። የኮሶ ዛፍ አበባ ለዘመናት የትሉ መድኃኒት ሆኖ የኖረው ሚጥሚጣ የሌለበት ቤት ስለ ነበረ አይደለም፤ ሚጥሚጣው ያላዳነው ትል ስለ ነበረ ነው።

ለበርበሬ የሚገባው ተገቢ ምስጋና ግን አለ። እርጥብ ቃሪያ ቫይታሚን ሲ የሞላበት ነው። ሀንጋሪያዊው አልበርት ሴንት ጆርጂ ይህን ቫይታሚን በብዛት ያወጣው በሴገድ ከተማ ከሚበቅለው በርበሬ ሲሆን፣ በ1937 የኖቤል ሽልማት ተቀብሏል። ፍሬው ሲደርቅ ቫይታሚን ሲ አብዛኛው ይጠፋል፤ ቀዩ ቀለም ግን በውስጡ ወደ ቫይታሚን ኤ የሚለወጥ ንጥረ ነገር ይዞ ይቆያል። ይህም በስብ የሚሟሟ በመሆኑ በርበሬውን በዘይት ወይም በቅቤ የማቁላላቱ ልማድ ሰውነት ይበልጥ እንዲጠቀምበት ያደርጋል። በግብርና ጥናቶች ዘንድ በተደጋጋሚ የሚጠቀሰው ግምት አንድ ኢትዮጵያዊ ጎልማሳ በቀን 15 ግራም ያህል በርበሬ ይመገባል የሚል ነው። በመሆኑም በአታክልት ረገድ ለደኸየ ማዕድ በርበሬ ቅመም ብቻ ሳይሆን ምግብም ነው፤ ያለ በቂ ምክንያት ማስከልከሉ ይህንንም መንጠቅ ይሆናል።

በ2015 በቻይና ከ487,000 በላይ ሰዎችን ለዓመታት የተከታተለ ጥናት የሚያቃጥል ምግብ በየቀኑ ማለት ይቻላል የሚበሉት ሰዎች፣ በሳምንት ከአንድ ጊዜ በታች ከሚበሉት ይልቅ የመሞት ዕድላቸው በ14 በመቶ ያነሰ ሆኖ እንዳገኘው አስታውቋል። በአንጻሩ በሜክሲኮ ተደርጎ በ1994 የታተመ ጥናት በርበሬ ተመጋቢዎች በጨጓራ ካንሰር የመያዝ ዕድላቸው ከማይበሉት አምስት እጥፍ በላይ ነው ብሏል። ሁለቱም የሰዎችን ኑሮ ተመልክተው ያነጻጸሩ እንጂ በሙከራ የተረጋገጡ አይደሉም፤ ስለዚህ በአንደኛው በርበሬን ዕድሜ ማራዘሚያ፣ በሁለተኛው ነቀርሳ ማምጫ አድርጎ መስበክ ለባለሙያ አይገባውም።

እውነተኛው አደጋ

በርበሬን ከሐሰተኛ ክስ ነጻ ማውጣት ፍጹም ንጹሕ ነው ማለት አይደለም። ቃር ለሚያስቸግረው ሰው ሕመሙን ያብሳል፤ ፊንጢጣው ለተሰነጠቀም እንደዚሁ። ዱቄቱን በሚወቅጡ ሴቶችና በወፍጮ ቤት ሠራተኞች ላይ ዓይን ያቃጥላል፣ ሳል ያስነሣል። ከመጠን ያለፈ ኃይል ያላቸውን አዳዲስ ዝርያዎች በውድድር መብላትም የራሱ አደጋ አለው፤ በ2018 በአሜሪካ «ካሮላይና ሪፐር» የተባለውን በርበሬ በውድድር የበላ የ34 ዓመት ሰው የአንጎል የደም ሥሮቹ ጠብበው በብርቱ ራስ ምታት ሆስፒታል እንደ ገባ ተመዝግቧል።

ለቡናው አገር ደግሞ ልዩ ማስጠንቀቂያ አለ። በ2006 በታተመ ጥናት በታይላንድ ወጣት ሴቶች ምግብ ላይ የተጨመረ በርበሬ ሰውነታቸው የሚቀበለውን ብረት በ38 በመቶ ቀነሰው። በ1983 የወጣ ሌላ ጥናት ደግሞ ከምግብ ጋር የተጠጣ ቡና የብረቱን ቅበላ በ39 በመቶ እንደሚቀንስ፣ ከምግብ አንድ ሰዓት ቀድሞ ሲጠጣ ግን ጉዳት እንደሌለው፣ አንድ ሰዓት ዘግይቶ ሲጠጣ የዚያኑ ያህል እንደሚቀንስ አሳየ። በጅማና በአጋሮ ቤቶች ቡናው የሚፈላው ከምግብ በኋላ ነው። ነፍሰ ጡርና ደም ያነሳት ሴት ስለ ሁለቱም ልትመከር ይገባል።

ከሁሉ የከበደው አደጋ ግን የማያቃጥል፣ የማይሸት፣ በምላስ የማይታወቅ ነው፤ ሻጋታ የሚያመርተው አፍላቶክሲን የተባለ መርዝ። ይህ መርዝ የጉበት ካንሰር የሚያመጣ መሆኑ የተረጋገጠ ሲሆን፣ ወጥ በመሥራት ሙቀት አይጠፋም። በ1996 በኢትዮጵያ የሕክምና መጽሔት የወጣ ጥናት ከአዲስ አበባ ከተሰበሰቡ 60 የተፈጨ በርበሬ ናሙናዎች በ8ቱ ውስጥ መርዙን አገኘ። መጠኑም በአንድ ኪሎ ግራም ከ250 እስከ 525 ማይክሮ ግራም ነበር። የአውሮፓ ኅብረት በቅመማ ቅመም ላይ የወሰነው ጣሪያ 10 ማይክሮ ግራም መሆኑን ለሚያስታውስ ሰው ቁጥሩ ራሱ ይናገራል።

በጅማ አካባቢ በዓመት በአማካይ 1500 ሚሊሜትር ገደማ ዝናብ ይዘንባል። በርበሬ ተቀንጥሶ፣ ከነጭ ሽንኩርትና ከዝንጅብል ጋር እርጥቡን ተወቅጦ፣ እንደገና ፀሐይ ላይ የሚሰጣ ነውና ሰማዩ ቀን ሲነሣው ለሻጋታ ይጋለጣል። ዛላው በመንገድ እንዳይሰባበር ወይም በሚዛን እንዲከብድ ውሃ የሚረጭበት ልማድ ሲጨመርበት አደጋው ይብሳል።

እዚህ ላይ የቡናውን ታሪክ ማነጻጸር ይጠቅማል። ቡና በዚሁ ዝናብና በዚሁ መሬት ላይ የሚደርቅ ፍሬ ነው፤ እርሱንም ሻጋታ ያበላሸዋል። ይሁን እንጂ በ1957 ብሔራዊ የቡና ቦርድ ከተቋቋመ ወዲህ ቡናን የሚመረምር፣ ደረጃ የሚሰጥ፣ እርጥበቱን የሚለካ ሥርዓት እየተዘረጋ መጣ። ገበሬው ቡናውን ከመሬት አንሥቶ በማድረቂያ አልጋ ላይ እንዲያሰጣ ተማረ። ይህ ሁሉ የተደረገው የውጭ ገዢ ስለሚጠይቅ ነው። በርበሬም ቢሆን ድንበር ሲሻገር ይመረመራል፤ የአውሮፓ ኅብረት በ2019 ባወጣው ደንብ የኢትዮጵያን በርበሬ ስለ አፍላቶክሲን ተጨማሪ ፍተሻ ከሚደረግባቸው ሸቀጦች መካከል አስገብቶታል። ለሰው አገር ማዕድ የሚሄደው ሲፈተሽ፣ በአጋሮና በሊሙ ገነት ገበያ ተገዝቶ ለልጆች ወጥ የሚገባው በዓይንና በአፍንጫ ብቻ ይመዘናል። የበርበሬ የጤና ጥያቄ በእውነቱ ያለው እዚህ ላይ ነው።

ለባለሙያው የሚቀረው ሥራ

ከዚህ ሁሉ የሚገኘው ትምህርት ግልጽ ነው። ሆዱን የሚያመው ሰው ሲመጣ «በርበሬ ትበላለህን?» ከሚለው ጥያቄ በፊት «ምን ዓይነት የሕመም ማስታገሻ ትወስዳለህ?» የሚለው መቅደም አለበት። የባክቴሪያው ምርመራ መደረግ፣ መድኃኒቱም እስከ ፍጻሜው መወሰድ ይገባዋል። በርበሬ የሚነሣበት ሰው ሕመሙ እስኪበርድለት ቢቀንስ መልካም ነው፤ መቀነሱ ግን ማስታገሻ እንጂ ሕክምና አለመሆኑ ሊነገረው ያስፈልጋል። ጥሬ ሥጋ ለሚወድም ሚጥሚጣው ጋሻ እንደማይሆነው በግልጽ ይነገረው።

በመንደር የሚሰጠው የጤና ትምህርት ደግሞ ስለ በርበሬ አደራረቅ ቢጨምር ይበጃል፤ ዛላው ከመሬት ከፍ ብሎ በአልጋ ላይ እንዲሰጣ፣ ሲያነቃንቁት ፍሬው እስኪንሿሿ እንዲደርቅ፣ የሻገተው ተለቅሞ እንዲጣል እንጂ ከደኅናው ጋር እንዳይወቀጥ። ይህን ለማስተማር አዲስ ዕውቀት ከሩቅ ማምጣት አያሻም። የቡናው ገበሬ ለቡናው የሚያደርገውን ጥንቃቄ አሳምሮ ያውቀዋል፤ ለጓዳው በርበሬም እንዲያደርገው ማሳሰብ ይበቃል።